በዚህ ቤት የሚኖረው ማን ነው?

ባለፈው ሰሞን በተማሪዎች ምግብ ቤት፣ እንጀራው ቀድሞ ደርሶ ወጡ በዘገየበት አንድ ምሽት፣ ከምረቃ በኋላ ምን እንሆናለን የሚል ጨዋታ ተነሥቶ ነበር። በገበታው ዙሪያ ከነበርነው ዘጠኝ ተማሪዎች መካከል አራታችን ሐሳባችን በፊልም ሥራ ላይ መሆኑ ሲታወቅ እጅግ ተደነቅሁ። ምነው ቢሉ፣ ቀን ቀን የምንማረው ሁሉ ከዚህ የራቀ ነውና፤ አንዱ የሒሳብ አያያዝ፣ አንዱ የሕግ፣ አንዱ የእርሻ ኢኮኖሚ ተማሪ ሲሆን እኔ ደግሞ የምህንድስና ተማሪ ነኝ። ነገር ግን ደስታዬ ብዙ አልቆየም። «በፊልም ውስጥ ምን ልትሠሩ ነው?» የሚለው ጥያቄ በተከተለ ጊዜ ሁለቱ ተዋናይ፣ አንዱ ዳይሬክተር እንደሚሆኑ ገለጹ። እኔ «ቤቱን የምሠራው እኔ ነኝ» ብል ገበታው በሣቅ ተናወጠ። «አናጢ ለመሆን አምስት ዓመት ምህንድስና መማር ምን አስፈለገህ?» ያለኝም ነበር።

በዚያ ምሽት መልስ አልሰጠሁም፤ ወጡ መጣና ሁሉም ወደ ሳህኑ ዞረ። አሁን ግን የኅብረታችን ጋዜጣ አዘጋጆች ጥቂት ገጽ ስለ ፈቀዱልኝ መልሴን ለጓደኞቼና ለመምህራኖቼ በጽሑፍ ላቀርብ ተነሥቻለሁ።

ተወልጄ ያደግሁት በተፍኪ ነው። ተፍኪን የማያውቅ አንባቢ ቢኖር፣ በጅማ መንገድ ሰበታን አልፎ ወደ ቱሉ ቦሎ ሲሄድ በበቾ ሜዳ ላይ የሚያገኛት ትንሽ ከተማ ናት። መሬቷ ጥቁር ነው። ክረምት ሲገባ አዋሽ ከአፉ እየወጣ ሜዳውን ሐይቅ ያስመስለዋል፤ ውሃው ሲሸሽ ሽምብራውና ጓያው በቀረው እርጥበት ይበቅላል። መንገደኛ ብዙውን ጊዜ በመስኮት አይቷት ያልፋል እንጂ አይወርድባትም።

የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ሳለሁ ግን፣ በአንድ የጥር ቅዳሜ፣ ሁለት መኪና ሙሉ ሰዎች ከአዲስ አበባ መጥተው ወረዱባት። ፊልም ሊያነሡ ነበር። የማን ድርጅት እንደ ነበሩ እዚህ መጥቀስ አያስፈልግም። የፈለጉት «የድሮ የገበሬ ቤት» ነበርና የአባቴን የቆርቆሮ ቤት አይተው ፊታቸውን አዞሩ፤ ከጎኑ ያለችውን የአያቴን የሣር ጎጆ ባዩ ጊዜ ግን ደስ አላቸው። አያቴን እኛ በኦሮምኛ አኮ ብለን ነው የምንጠራቸው። አኮ እንግዳ መመለስ ስለማያውቁ «ግቡ» አሏቸው።

ገብተውም ሥራ ጀመሩ። በመጀመሪያ ቢጫውን ጀሪካን አወጡ፤ ቀጥሎ የፕላስቲኩን ባልዲ፤ ቀጥሎ በምሰሶው ላይ ተንጠልጥላ የኖረችውን ራዲዮ። በጭቃው ግድግዳ ላይ አኮ አቧራና ነፋስ ይከላከልልኛል ብለው በዱቄት ሙጫ የለጠፏቸው የጋዜጣ ገጾች ነበሩ፤ እነርሱም አዲስ ጨርቅ ተጋረደባቸው። ከዚያ በኋላ ከመኪናው ውስጥ ከገበያ የተገዛ ዕቃ ይወርድ ጀመር። አምስት ባለ ቀለም ሌማት በግድግዳው ዙሪያ ተቸነከረ፤ ቀንድ ተሰቀለ፤ ወለሉ በቄጤማ ተጎዘጎዘ፤ መካከል ላይ ረከቦት ከነሲኒው ቀረበ። ጎጆዋ በአንድ ሰዓት ውስጥ አዲስ አበባ ያለ የባህል ምግብ ቤት መሰለች።

አኮ በበሩ ቆመው ይህን ሁሉ በዝምታ ሲመለከቱ ቆዩ። በኋላም እኔን ጠርተው «በዚህ ቤት የሚኖረው ማን ነው? እስቲ ጠይቅልኝ» አሉኝ። ዳይሬክተሩን ብጠይቀው «አንድ ድኻ ገበሬ» ብሎ መለሰልኝና ለአኮ ተርጉሜ ነገርኋቸው። ጥቂት አሰቡና፣ «ድኻ ከሆነ ይህን ሁሉ ሌማት ከየት አመጣው? ባለጠጋ ከሆነስ ጎተራው የት አለ? ደግሞስ ሚስት አለችው ወይ? ካለችው ምድጃው ለምን ቀዘቀዘ?» ሲሉ ጠየቁ። ይህንንም ተረጎምሁ። ሰውየው ሣቅ ብሎ «እማማ፣ ፊልም እኮ ነው» አላቸው።

ሲሄዱ የአኮ ትልቅ ማድጋ ተሰብሮ ተገኘ። ዋጋውን እንልካለን ብለው ነበር፤ እስከ ዛሬ አልመጣም። ማድጋውን አኮ ከረሱት ቆይተዋል፤ ያልረሱት «ፊልም እኮ ነው» የሚለውን ቃል ነው። ከዚያ ቀን ወዲህ በቤታችን ውሸት ሲናገር የተያዘ ልጅ ሁሉ «ፊልም እኮ ነው» ይባላል።

እንግዲህ ጓደኞቼ የሣቁበት ሙያ መነሻው ይኸው የአኮ ጥያቄ ነው። ሙያው በውጭ አገር ፕሮዳክሽን ዲዛይን ይባላል። ስሙ ጎልቶ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1939 በአሜሪካ «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» የተባለው ፊልም በተሠራ ጊዜ ሲሆን፣ የፊልሙን መልክ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በሥዕል ነድፎ ያዘጋጀው ዊልያም ካሜሮን ሜንዚስ ለሥራው የሚመጥን ማዕረግ ስላልነበረ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ተባለ። እኛ እስካሁን የተስማማንበት የአማርኛ ስም ስለሌለን እኔ ለጊዜው «ቤት ሠሪ» እለዋለሁ። የተሻለ ስም የሚያገኝ የአማርኛ ክፍል ተማሪ ቢኖር በደስታ እቀበላለሁ።

ቤት ሠሪው ድርሰቱን ተቀብሎ አንድ ጊዜ እንደ ተመልካች፣ ሁለተኛ ጊዜ እንደ ዕቃ ግምጃ ቤት ኃላፊ ያነበዋል። ድርሰቱ «ልጅቱ ወደ ቤት ገባች» ብሎ በአንድ መስመር ያለፈውን እርሱ ማለፍ አይችልም። የምን ቤት? በየትኛው ዘመን? በሩ ወደ ውስጥ ነው ወይስ ወደ ውጭ የሚከፈተው? ኪራይ ነው ወይስ የራሳቸው? አባትየው ከሞተ ስንት ጊዜ ሆነው፣ ኮቱስ አሁንም ተሰቅሏል ወይስ ተሽጧል? ይህን ከዳይሬክተሩና ካሜራውን ከሚመራው ሰው ጋር ይመክርበታል፤ ቀለሙን ይመርጣል፤ ንድፉን ያወጣል፤ ልኩን ይለካል፤ ዋጋውን ይተምናል፤ ከዚያም አናጢውን፣ ቀለም ቀቢውን፣ ልብስ አዘጋጁንና ዕቃ አቅራቢውን ይመራል። ተመልካቹ ፊልሙን አይቶ ሲወጣ ስለዚህ ሰው አንድም ነገር ካላሰበ ሥራው ሠምሯል ማለት ነው። ምናልባት በገበታችን ፈላጊ ያጣው ስለዚህ ይሆናል።

ምህንድስና ምን ያደርጋል ለተባልሁት ደግሞ መልሱ ቀላል ነው። እንደ አኮ ጎጆ ባለ እውነተኛ ጎጆ ውስጥ ካሜራ፣ መብራትና አራት ሠራተኞች ከገቡ ለተዋናዩ መቆሚያ ቦታ አይተርፍም። ብርሃንም የለም፤ ያለው በበሩ የሚገባው ብቻ ነው። ስለዚህ በሙያው የበሰሉ ሰዎች የሚሠሩት ቤት ግድግዳው በአንድ ወገን ተነቅሎ የሚመለስ፣ ጣራውም ለመብራት ሲባል ክፍት የሚተው ነው። ግድግዳው በየሰዓቱ ሲነቀልና ሲተከል ቤቱ እንዳይፈርስ፣ በሥሩ ያሉት ሰዎችም እንዳይጎዱ ሸክሙን የሚያሰላ ሰው ያስፈልጋል። ይህ በሁለተኛ ዓመት የተማርነው ትምህርት ነው።

ከዚያ በኋላ ግን ምህንድስና የማይመልሰው ነገር ይመጣል። አዲስ የተሠራው ቤት ሃያ ዓመት የተኖረበት መምሰል አለበት። አዲሱ እንጨት በእሳት ለብለብ ይደረጋል፤ ጥላሸት ከሙጫ ጋር ተበጥብጦ በማገሩ ላይ ይቀባል፤ ይህም ከምድጃው በላይ ጠቆር፣ ወደ በሩ ሲጠጋ ሳሳ ማለት አለበት፤ ጢስ የሚሄድበትን መንገድ ያላየ ሰው ግን ሁሉንም እኩል ያጠቁረዋል። ልብሱም እንዲሁ ነው። አዲስ ቡልኮ ተገዝቶ በሻይ ውስጥ ቢዘፈዘፍ ያረጀ ይመስላል፤ የሰው ልብስ ግን በሁሉም ቦታ እኩል አያረጅም። የአራሽ ልብስ የሚያልቀው ሞፈርና ቀንበር በሚሸከምበት ትከሻው ላይ ነው፤ እንጀራ የምትጋግር ሴት ቀሚሷ የሚለበለበው በጉልበቷ በኩል ነው። ይህ እውቀት በየትኛው ቤተ መጻሕፍት ይገኛል? ከእኛ መካከል ግማሹ በክረምት ወደየቤቱ ሲመለስ የሚያየው ነገር ነው፤ ነገር ግን እውቀት ነው ብሎ የነገረን ስለሌለ በአራተኛው ዓመት ረስተነው እንወጣለን።

አሁን ወደ አገራችን ፊልሞች ልመለስ። የመጀመሪያው የአማርኛ ሙሉ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማን ነው» በ1957 ዓ.ም. ሲወጣ ደራሲውና ገንዘብ አውጪው ኢላላ ኢብሳ፣ ዳይሬክተሩ ላምብሮስ ዮካሪስ ነበሩ። በ1966 ዓ.ም. ሚሼል ፓፓታኪስ «ጉማ»ን አወጣ፤ ዛሬ በየዓመቱ የሚሰጠው የጉማ የፊልም ሽልማት ስሙን የወሰደው ከዚህ ፊልም ነው። በአብዮቱ ዓመት ደግሞ የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ ከአሜሪካ መጥቶ በጥቁርና ነጭ ፊልም፣ በሁለት ሳምንት ጊዜ ውስጥ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን አነሣ። በባላባቱ መሬት ላይ ስለሚያርስ ጭሰኛ ቤተሰብ የሚናገር ሲሆን፣ የተጫወቱት በአብዛኛው በሙያው ያልሠለጠኑ የገጠር ሰዎች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1976 ለዕይታ ቀርቦ ዓለም ተነጋገረበት።

ይህን ፊልም በዚህ ግቢ ያላየ ተማሪ ካለ ፈልጎ ይመልከተው። ገንዘብ ስለሌለን ነው ለሚለው ምክንያት ከዚህ የሚበልጥ መልስ አላውቅም። እኔ ሳየው የገረመኝ ባላባቱ የሚቀመጥበት ቦታና ጭሰኛው የሚቆምበት ቦታ ነው፤ አንድ ቃል ሳይነገር ማን ጌታ፣ ማን አገልጋይ እንደ ሆነ መሬቱ ራሱ ይናገራል። ለዚህ የሚያስፈልገው ብር አይደለም፤ በዚህ ቤት የሚኖረው ማን እንደ ሆነ ማወቅ ነው።

ይኸው ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ2008 ባወጣው «ጤዛ» ሥራው ከዚህ ይልቅ ከባድ ነበር። በጀርመን አገር ሕክምና የተማረ አንድ ኢትዮጵያዊ ወደ እናቱ መንደር ሲመለስ የሚሆነው ነገር ስለ ሆነ፣ ፊልሙ የጀርመን ተማሪዎች የሚኖሩበትን ክፍል፣ የደርግን ዘመን አዲስ አበባና በጣና ዳር ያለውን መንደር እያፈራረቀ ያሳያል። አንዱ ቤት ቢዋሽ ሌሎቹም አብረው ይዋሹ ነበር። በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትና የድርሰት ሽልማት፣ በተከታዩ ዓመት በዋጋዱጉ በተደረገው የአፍሪካ ፊልም በዓል ደግሞ ታላቁን ሽልማት ወሰደ። ኃይሌ ለዚህ ፊልም ገንዘብ ለማሰባሰብ ከአሥር ዓመት በላይ እንደ ፈጀበት የታወቀ ነው። ከዚህም የተነሣ የፕሮዲዩሰርን ሥራ፣ ማለትም ገንዘብ መፈለግን፣ ውል መዋዋልንና ቀን መቁጠርን፣ ከጥበቡ በታች አድርጎ የሚያይ ሰው ቢኖር ሐሳቡን ቢያሻሽል እወዳለሁ።

ከዚያም ወዲህ እ.ኤ.አ. በ2014 የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» በአሜሪካ በሰንዳንስ በዓል የተመልካቾችን ሽልማት አገኘ፤ እ.ኤ.አ. በ2015 የያሬድ ዘለቀ «ላምብ» በካን በዓል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ በመግባት ከኢትዮጵያ የመጀመሪያው ሆነ። ሁለቱም ባላገሩን የሚያሳዩ ናቸው። ዓለም የተቀበላቸው ፊልሞቻችን ቤታቸውን የሚያውቁት መሆናቸውን ልብ ይሏል።

ታዲያ በአዲስ አበባ ሲኒማ ቤቶች በየሳምንቱ ያየናቸው ፊልሞች እንዴት ናቸው? ስም አልጠቅስም፤ ሁላችንም አይተናቸዋል። በቀን ኪራይ የተያዘ ቪላ አለ። ሶፋው ነጭ ነው፤ መጋረጃው ወርቃማ ነው። ባለጠጋው በዚህ ቪላ ይኖራል፤ ሥራ አጡ ወጣትም ከጓሮ ባለው ሰርቪስ ቤት ይኖራል፤ የሁለቱም ግድግዳ አንድ ዓይነት ቀለም የተቀባ ነው። በደርግ ጊዜ ሆነ የተባለ ታሪክ ላይ ከተከሳሹ ራስ በላይ የዛሬ ዘመን ሶኬት አይቻለሁ። ከእኔ ጎን ተቀምጠው የነበሩ አንድ ሽማግሌ ያን ጊዜ በዚያ ዓይነት ክፍል ውስጥ ታስረው የነበሩ ኖሮ «አምፖሉ እንዲህ አልነበረም፤ በሽቦ የታጠረ ነበር» ብለው በቀስታ ተናገሩ። ከዚያ በኋላ ፊልሙን አልተመለከቱም፤ ስልካቸውን አውጥተው ሰዓት ያዩ ጀመር። ሦስት ወር የተለፋበት ፊልም በአንድ አምፖል ከሰረ።

ባላገር ሲፈለግ ደግሞ መኪናው ብዙ አይርቅም። ሣር ያለው መስክ ከተፈለገ ሱሉልታ ነው፤ ጫካ ከተፈለገ በቡራዩና በሰበታ በኩል ወደ መናገሻ ነው። ማታ አዲስ አበባ ተመልሶ ማደር ይቻላልና። ስለዚህ በፊልሞቻችን ውስጥ የጎጃም ገበሬም፣ የወሎ ገበሬም፣ የአርሲ ገበሬም በሱሉልታ ባሕር ዛፍ ሥር ይኖራል፤ የሚናገረውም የትም አገር የማይነገር አማርኛ ነው። የኛ አገር ገበሬ በቤቱ ኦሮምኛ መናገሩን እንኳ የሚያስታውስ የለም። ይህን የምለው ለመውቀስ ብቻ አይደለም፤ በአሥር ቀን ፊልም አንሥቶ ዕዳውን መክፈል የሚገባው ሰው ችግር ይገባኛል። ነገር ግን ተመልካቹ አይጠብቅም። በ2008 ዓ.ም. ቃና ቴሌቪዥን ከተጀመረ ወዲህ እናቶቻችንና እኅቶቻችን በአማርኛ የተተረጎመ የቱርክ ድራማ ሲያዩ ከርመዋል። እነዚያ ሰዎች የድሮ ታሪካቸውን ሲሠሩ ግንቡን፣ ገበያውንና ፈረስ ቤቱን ሠርተው ነው። ያንን ያየች እናት ወደ እኛ ነጭ ሶፋ ስትመለስ ምን ትላለች? በቤታችን የምትለውን አውቃለሁ፦ ፊልም እኮ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2019 ሐና ቢችለር የምትባል ጥቁር አሜሪካዊት «ብላክ ፓንተር» ለተባለው ፊልም የኦስካርን የፕሮዳክሽን ዲዛይን ሽልማት በመውሰድ ከጥቁር ዘር የመጀመሪያዋ ሆናለች። የፊልሙ አገር ዋካንዳ በዓለም ላይ የሌለ፣ በአእምሮ የተፈጠረ አገር ነው። ይሁን እንጂ ይህች ሴት ሥራዋን የጀመረችው የዚያን አገር ታሪክ፣ የነገዶቹን አሠፋፈርና የቤቱን አሠራር በብዙ መቶ ገጽ ጽፋ በማዘጋጀት ነው። የሌለ አገር እንዲህ ሲጠና፣ ያለ አገር «ፊልም እኮ ነው» ተብሎ ሲታለፍ ማየት ያሳዝናል፤ ጥቂትም ያሳፍራል።

መንግሥት ምን አደረገ የሚል ይኖራል። በ1978 ዓ.ም. የተቋቋመው የኢትዮጵያ ፊልም ኮርፖሬሽን በ1991 ዓ.ም. ተዘግቷል። በ2010 ዓ.ም. የፊልም ፖሊሲ ጸድቋል፤ መልካም ነው፤ ፖሊሲ ግን ምሰሶ አያቆምም። የቴአትር ጥበባት ትምህርት በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ በ1971 ዓ.ም. ተጀምሮ ብዙ ደራሲና ተዋናይ አፍርቷል። አለ ፈለገ ሰላም በ1950 ዓ.ም. ያቋቋሙት የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ሠዓሊዎችን አፍርቷል። በቻድ ፊልሞች ላይ ካሜራ በመምራት ስሙ የታወቀው አብርሃም ኃይሌ ብሩም ብሉ ናይል የተባለ የፊልም ትምህርት ቤት በአዲስ አበባ ከፍቷል። ሠዓሊው፣ መሐንዲሱ፣ የታሪክ ተማሪውና የቴአትር ተማሪው በአንድ ቤት ግንባታ ላይ ተገናኝተው ሲሠሩ ግን አላየሁም። በዚህ ግቢ እንኳ የኪነት ክበባችን በየዓመቱ ቴአትር ሲያሳይ ንጉሡ የሚቀመጥበት ዙፋን ከመዝጋቢው ቢሮ የመጣች ባለ ጎማ ወንበር ናት፤ አንሶላ ይለብሳትና ንጉሡ በተቆጣ ቁጥር ወደ ኋላ ትንሸራተታለች። ባለፈው ዓመት ጠላት ከመድረሱ በፊት መጋረጃው ውስጥ ገብቶ ነበር።

መቼም ሁሉንም እውነት መናገር ስላለብኝ ስለ አባቴም ልጻፍ። አባቴ ጤፍ ሸጦ ነው የሚያስተምረኝ። ምህንድስና ስገባ ለጎረቤት ሁሉ ተናግሯል፤ አንዳንዱም ድልድይ የምሠራለት ይመስለዋል። ሐሳቤን በገና ሰሞን ስነግረው አልተቆጣም፤ ቢቆጣ ይቀል ነበር። ጥቂት ዝም አለና «የሰው ቤት በውሸት ከምትሠራ የራስህን ቤት በእውነት ብትሠራ አይሻልም?» አለኝ። ለዚህ ጥያቄ እስከ አሁን የሚያጠግብ መልስ አላገኘሁለትም። በዚህ ሙያ የወር ደመወዝ የለም፤ ፊልም ሲኖር ይሠራል፣ ሳይኖር ይጾማል፤ ያለቀ ፊልም ክፍያው ከፊልሙ ዘግይቶ ይመጣል ሲሉም እሰማለሁ። ስለዚህ ማንም ሰው ይህን አንብቦ ነገ ትምህርቱን እንዲተው አልመክርም፤ እኔም አልተውሁም። ዲግሪዬን ጨርሼ፣ ቀን በግንባታ ሥራ ላይ እየዋልሁ፣ በሌላው ሰዓት ፊልም ወደሚሠሩት ሰዎች ዘንድ ሄጄ ምስማር በማቀበል ልጀምር አስቤአለሁ። አባቴ ይህን «ሁለት ቤት» ይለዋል፤ ሁለት ሚስት እንዳለው ሰው።

እስከዚያ ድረስ ግን ምንም ገንዘብ የማይጠይቅ፣ ኅብረታችን በዚህ ክረምት ሊጀምረው የሚችል አንድ ሥራ አለ። ሁላችንም ወደየአገራችን ስንመለስ እያንዳንዳችን አንድ ቤት እንለካ። ሜትር፣ እርሳስና ባለ ካሬ ደብተር ይበቃል። ወለሉን፣ የምሰሶውን ቁመት፣ የበሩን ስፋት፣ ምድጃው ከግድግዳው ያለውን ርቀት፤ መደቡ በየት በኩል እንደ ሆነ፣ ማን በየት እንደሚተኛ፣ ጥጃው የሚታሰርበትን፣ ኩራዙ የሚቀመጥበትን ጉድጓድ፤ ጣራውን የከደነው ሣር ስሙ ማን እንደሚባል ባለቤቶቹን ጠይቆ መጻፍ። ስልክ ያለው ፎቶግራፍ ያንሣ፤ ፎቶግራፍ ግን ልክ አይናገርምና መለኪያው አይቅር። የትግራይ ህድሞ፣ የጉራጌ ቤት፣ የሐረሬ ቤት፣ የአዲስ አበባ የቀበሌ ቤት፣ ሁሉም ይጠቅማል። ሥዕሎቹ ተሰብስበው በአንድ ሣጥን ቢቀመጡ፣ ከአሥር ዓመት በኋላ ፊልም ወይም ቴአትር የሚሠራ ሰው ስለ ቤት የሚጠይቀው ቦታ ይኖረዋል። የምህንድስናና የሥነ ጥበብ መምህራኖቻችን አለካኩን ለአንድ ከሰዓት በኋላ ቢያሳዩን ደግሞ ሥራው የተስተካከለ ይሆናል።

ጊዜውም ብዙ አይደለም። በ2015 ዓ.ም. ሰበታ፣ ቡራዩና ሱሉልታ በሸገር ከተማ ሥር ተጠቃለዋል፤ ከተማው በየመንገዱ ወደ ሜዳው እየወረደ ነው። በእኛ ሠፈር የሣር ጎጆ ስቆጥር፣ ያኔ ፊልም አንሺዎቹ ሲመጡ አሥራ አንድ የነበረው አሁን ሦስት ነው። ቆርቆሮ በመምጣቱ አላዝንም፤ ሐምሌ ሌሊት በሚያንጠባጥብ ጎጆ ውስጥ ያደረ ሰው ለጎጆ አይዘፍንም። ብቻ ከመፍረሱ በፊት ልኩ ይያዝ።

እኔ ባለፈው የጥር ዕረፍት የአኮን ጎጆ ለክቻለሁ። ወለሉ ከግድግዳ እስከ ግድግዳ 5 ሜትር ከ20 ነው፤ ምሰሶው 4 ሜትር ከ10፤ የበሩ ቁመት 1 ሜትር ከ58 ሲሆን ይህም ከአኮ ቁመት በአራት ጣት ይበልጣል፤ በሩን ያስለኩት ለራሳቸው ነውና። ሜትሩን ይዤ ስዞር አኮ መደቡ ላይ ተቀምጠው ያዩኝ ነበር። ምን እንደሚያደርግልኝ ጠየቁኝ። አንድ ቀን ፊልም ሲሠራ ቤቱ እንዳይሳሳት ነው አልኋቸው። ጥቂት አሰቡና «እንግዲያውስ ጀሪካኑንም ጻፈው» አሉኝ። ጽፌዋለሁ። ቢጫ ነው፤ 20 ሊትር ይይዛል፤ የሚቀመጠው ከበሩ በስተግራ ነው፤ ክዳኑ ስለ ጠፋ አፉ በበቆሎ ቆረቆንዳ ተወትፏል።